ፊተኛው ካርድ

ጣቢያው የተከፈተበት ሃምሳኛ ዓመት ሊከበር ነውና ስለ ኢሎና ሳካች ጥቂት ገጽ ጻፍ ተባልኩ። ስለ ሌስተር ድሮዝድ ጻፍ የተባለ ሰው እንዳለ እስካሁን አልሰማሁም። ሌስተር ድሮዝድ እኔ ነኝ። ቶሌዶ ውስጥ፣ ከጎማ መጋዘን በላይ ባሉት ሦስት ጠባብ ክፍሎች ሮክ የሚያጫውት ጣቢያ ሲከፈት በመጀመሪያው ቀን ማይኩን የከፈትኩት እኔ ነበርኩ። ኢሎና የመጣችው በዓመቱ ነው፣ ያውም ስልክ ለማንሳት። ይህን አስቀድሜ የምናገረው ማን ማንን እንደቀደመ እንዲታወቅልኝ ነው።

ከወንዙ በስተምሥራቅ፣ ሃንጋሪዎቹ በሚኖሩበት ሰፈር የተወለደች ናት። አባቷ ፌሬንትስ ዕድሜውን ብረት ማቅለጫ ውስጥ የጨረሰ፣ አንድ ጆሮው የማይሰማ ሰው ነበር። እቤታቸው ሬዲዮኑ የሚቀመጠው በአባትየው ደህና ጆሮ በኩል ነው። ኢሎና ከልጅነቷ ጀምሮ የአባቷን ፊት እያየች የትኛው ዘፈን እንደደረሰውና የትኛው እንዳለፈው ለመለየት ትሞክር ነበር። ይህን ያወቅኩት ከስንት ዘመን በኋላ ነው። ያኔ የማውቀው ሃያ ሁለት ዓመቷ መሆኑንና በዚያ ብርድ የአባቷን የሥራ ካፖርት ለብሳ ደረጃውን መውጣቷን ብቻ ነው።

ዘፈን ምረጡልኝ ብለው የሚደውሉትን ሰዎች ሌሎቻችን «እሺ» ብለን ስልኩን እንዘጋባቸው ነበር። እሷ ትጠይቃቸዋለች። ከየት ነው የምትደውለው፣ ምን እየሠራህ ነው፣ ሬዲዮኑን አብሮህ የሚሰማው ማነው ትላለች፤ የሚሏትንም ሁሉ በሰማያዊ ደብተር ትጽፋለች። የጥርስ ሐኪም ቤት ጸሐፊዋ፣ ከመንገድ ዳር ስልክ የሚደውለው የጭነት መኪና ሾፌር፣ መስታወት ፋብሪካ ውስጥ ምሳ በሚበላበት ሰዓት ብቻ የሚደውለው መላጣ፣ ሁሉም እዚያ ደብተር ውስጥ ነበሩ። መላጣ መሆኑን እንዴት እንዳወቀች አልጠየቅኳትም። እኔ «ሕዝብ ቆጣሪዋ» የሚል ስም አወጣሁላትና ጣቢያው ሁሉ በዚያ ይጠራት ጀመር። እሷ ግን ስትጠራ «አቤት» ትላለች፣ ቀልዱም በዚያው ይበላሽብኛል።

በሦስተኛው ዓመት የቀኑ አቅራቢ ሥራ ለቆ ሲሄድ ከአራት ሰዓት እስከ ዘጠኝ ያለውን ሰዓት ለእሷ ሰጧት። የጣቢያው ሥራ አስኪያጅ ክላይድ ኦስተርማን ሳካች የሚለው ስም ለአድማጭ ስለሚከብድ ቀለል ያለ ስም ምረጪ አላት። አባቴ በአንድ ጆሮው ነው የሚሰማኝ፣ ስሜን ቀይሬ ደግሞ ጭራሽ አላሳስተውም ብላ እምቢ አለች። ኦስተርማንም ተዋት። እኔን ግን ድሮዝድ ማን ይለዋል ብሎ ሌስ ዴይ አሰኝቶኝ ነበር፤ ሃያ ምናምን ዓመት በዚያ ስም ኖርኩ። እምቢ ማለት እንደሚቻል ማንም አልነገረኝም።

ድምፅዋ ጥሩ አልነበረም። ጎርነን ያለ፣ ጠዋት ከእንቅልፍ የተነሳ ሰው ድምፅ ነው። በእኛ ሙያ አንድ የሚያኮራ ነገር አለ፦ ዘፈኑ ተጀምሮ ዘፋኙ አፉን እስኪከፍት ያለችውን ሽራፊ ጊዜ በወሬ ሞልቶ፣ ልክ ዘፋኙ ሲጀምር ማቆም። በዚህ እኔን የሚያህል በከተማው አልነበረም። ኢሎና ይህን አታደርግም። ዘፈኑን ትከፍትና ዝም ትላለች። አላዋቂነት ነው እያልኩ ለሚሰማኝ ሁሉ አወራሁ። ባለቤቴ ማርጆሪ ግን ከአራት ሰዓት ጀምሮ የማድ ቤቱን ሬዲዮ ከፍታ ትውላለች፣ ዘጠኝ ሰዓት ሲሆን ራት ላዘጋጅ ብላ ትዘጋዋለች። ዘጠኝ ሰዓት ላይ የምጀምረው እኔ ነኝ። ለምን ትዘጊዋለሽ ብላት፣ አንተን ማታ ፊት ለፊት እሰማህ የለ አለችኝ። ቀናሁ። ሌላ ስም የለውም፣ በገዛ ማድ ቤቴ ውስጥ ቀናሁ።

በአምስተኛው ዓመት የፕሮግራም ኃላፊነቱ ክፍት ሆነ። ጣቢያው ምን ዘፈን፣ በየትኛው ሰዓት፣ ከየትኛው ዘፈን ቀጥሎ እንደሚያጫውት የሚወስነው ይኸው ሰው ነው። ይገባኛል ብቻ ሳይሆን ተሰጥቶኛል ብዬ ለእናቴ ሁሉ ነግሬያት ነበር። ኦስተርማን ለኢሎና ሰጣት። ያን ቀን እንኳን ደስ ያለሽ ብዬ እጇን ጨበጥኳት። ከዚያ ወርጄ መኪናዬ ውስጥ ገባሁና መሪውን በቡጢ ስመታ ጡሩምባው ጮኸ፤ የጎማ መጋዘኑ ሠራተኞች እነሱን የሚጠራ ሰው መስሏቸው ወጥተው አዩኝ።

ኢሎና እንደተሾመች የካርድ ሳጥን አመጣች። ኮምፒውተር ከመምጣቱ በፊት ሥራው በካርድ ነበር። እያንዳንዱ ዘፈን አንድ ካርድ አለው፤ ካርዱ ላይ የዘፈኑ ስም፣ የባንዱ ስምና ሸክላው የሚገኝበት የመደርደሪያ ቁጥር ይጻፋል። ለእያንዳንዱ አቅራቢ አንድ የብረት ሳጥን ተሰጠ። ሳጥኑ በቀለም ተከፋፍሏል፤ በቀዩ ክፍል አዲስ ዘፈን፣ በቢጫው የአምናና የካቻምና፣ በሰማያዊው የድሮ። ተራው የቀይ ከሆነ ከቀዩ ክፍል ፊት ያለውን ካርድ ታወጣለህ፣ ታጫውታለህ፣ ቀኑን በራስህ ቀለም እስክሪብቶ ትጽፍበትና ከኋላ ትመልሰዋለህ። የእኔ ቀለም አረንጓዴ ነበር። ግድግዳው ላይ በእጇ ጽፋ የለጠፈችው ሕግ አንድ መስመር ነው፦ ፊተኛውን ካርድ አንሱ።

ማንም አቅራቢ አልፎ አልፎ ያታልላል። ሽንት ቤት የሚያስሄድ ረጅም ዘፈን ሲፈልግ ካርድ ይዘላል። የእኔ ግን ማታለል አልነበረም፣ መሐላ ነበር። ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ፊተኛውን ካርድ ላለማንሳት ቆረጥኩ። ገለጥ አደርግና ከኋላው ያለውን ሁለተኛውን እወስዳለሁ። ፊተኛው እዚያው ፊት እንደቆመ ይቀራል። ዘፈኑ የእሷ ሳይሆን የእኔ ምርጫ እንዲሆን ፈልጌ ነው፤ ከእሷ እጅ ተቀብዬ ማጫወት ሞት መሰለኝ።

ደግሞም ፊት የምታደርጋቸው ካርዶች የሚያስቁ ነበሩ። «የአክስቴ መጥረቢያ» የሚባል ዘፈን። «ሐሙስና ብረት» የሚባል ባንድ። በየጥቂት ሳምንቱ ደግሞ ትቀይራቸዋለች፣ አዲሱ ከአሮጌው ይብሳል። ምሳ ስንበላ ስሞቹን እያነበብኩ ሌሎቹን አስቃቸዋለሁ። ይቺ ሴትዮ ሸክላዎቹን ከየት ነው የምትለቅመው፣ የተጣለ ሸክላ የሚያጠራቅሙላት ቤት አላት እንዴ እላለሁ። ስታመም የምትተካኝ እሷ ራሷ ስለነበረች ሳጥኔን ሌላ ሰው አይነካውም። በዚያም እናደዳለሁ፣ እሷ በተካችኝ ቀን ስልኩ ይበልጥ ይጮሃልና።

በዓመት ሁለቴ ቁጥር ይመጣል። የከተማው ሰዎች ምን እንደሰሙ በትናንሽ ደብተር ሞልተው ይልካሉ፣ ተደምሮ የየጣቢያው ድርሻ ይታወቃል። በእኛ ሙያ ሰው የሚሾመውም የሚሻረውም በእሱ ነው። የእኔ ሰዓት ከስድስት ጣቢያ አምስተኛ ነበር። በዓመቱ ሦስተኛ ሆንኩ። በሦስተኛው ዓመት አንደኛ። ዘጠኝ ተኩል ላይ የመኪና ፋብሪካው የቀን ፈረቃ ያልቃል፤ በሩ ሲከፈት ሁለት ሺህ ሰው ወደ መኪናው ይሄዳል፣ ቁልፍ ያዞራል፣ ሬዲዮኑ ይነሳል። ያን ሰዓት የማጫውተው ነገር ለምን እንደሆነ ሳላውቅ ሁልጊዜ ልክ ይመጣ ነበር። አንድ ዓርብ መብራት ላይ ቆሜ በግራም በቀኝም በኩል የሰዎች ጣት መሪ ላይ ሲጨፍር አየሁ፣ በሁሉም መኪና የእኛ ጣቢያ። የተቀዳ ማስታወቂያ ላደርስ ስወጣ ካርዱን ቀድሜ አውጥቼ ለመሣሪያ ሠራተኛው የተውኩለት ዘፈን ነበር። ደረቴ ተነፋ። ይሄ የኔ ጆሮ ነው አልኩ።

አንደኛነቱ ለሁለት ዓመት ሳይነቃነቅ ቀጠለ። ይህን ይዤ በፀደይ ወር ኦስተርማን ቢሮ ገባሁ። ኢሎና እዚያው ተቀምጣ ነበር፣ ለምን እንደመጣች አልጠየቅኩም። በእሷ ፊት መናገሩ እንዲያውም ደስ አለኝ።

«ሚስተር ኦስተርማን፣ ይሄ ቁጥር የማን ሥራ እንደሆነ ይወቁልኝ» አልኩ። «አምስት ዓመት ሙሉ አንድ ቀን እንኳ የእሷን ፊተኛ ካርድ አጫውቼ አላውቅም።»

ኦስተርማን መነጽሩን አወለቀና እውነት ነው ወይ አላት።

«እውነቱን ነው» አለች ኢሎና። «አረንጓዴ ቀለም ያረፈበት ፊተኛ ካርድ የለም።»

የዘፈኖቹ ችግር ምንድነው ብሎ ሲጠይቀኝ ተዘጋጅቼበት ነበር። ቆሻሻ ናቸው አልኩት። ስማቸውን አንድ በአንድ ጠራሁለት። እኒህን ለሕዝብ ባጫውት ኖሮ ዛሬ ይሄን ወንበር ለጎማ ነጋዴው ሸጠውት ነበር አልኩት። ኦስተርማን ሳቀ። ኢሎና ወደ እኔ ዞር አለች።

«‹የአክስቴ መጥረቢያ›ን ሰምተኸዋል?»

«ሰምቼዋለሁ።»

«እስከ መጨረሻው?»

«እስከ መጨረሻው። ድራሙ የሞተ ነው። ዘፋኙ ደግሞ አፍንጫውን ይዞ የሚዘፍን ነው የሚመስለው።»

ረጅም ጊዜ አየችኝ። ተሸነፈች ብዬ ነው ያሰብኩት። ከዚያ ለኦስተርማን፣ እንግዲህ ከሰማው ምን እላለሁ አለችና ተነሳች። በሳምንቱ የፕሮግራም ኃላፊነቱ የኔ ሆነ፣ እሷ ደግሞ ወደ ዲትሮይት ሄደች። ዲትሮይት ትልቅ ከተማ ነው፣ የዲትሮይት ጣቢያ ቶሌዶን እየሰማ ሰው አይቀጥርም እያልኩ ራሴን አጽናናሁ፤ ያዘኑላት ናቸው የወሰዷት አልኩ። ማርጆሪ የማድ ቤቱን ሬዲዮ ወደ ሰሜን፣ ወደ ዲትሮይት፣ አዙራ ስታስተካክል ያየኋት በዚያው ወር ነው።

ወንበሩ ላይ በተቀመጥኩበት የመጀመሪያ ጠዋት ሳጥኖቹን በሙሉ ጠረጴዛ ላይ ዘርግፌ ካርዶቹን እንደ ካርታ በወዝኳቸው። አዲስ ዘመን ነው አልኩ። ከዚያ ስማቸው የሚያስቀውን ጥዬ ቀሪዎቹን በራሴ ጆሮ ደረደርኳቸው። ዘፈኖቹ ያው ናቸው፣ ሸክላዎቹ ያው ናቸው፣ እኔም ያው ነኝ። የመኸሩ ቁጥር ሲመጣ አራተኛ ሆነን ተገኘን። ዘጠኝ ተኩል ላይ የነበረው ሰው ግማሹ የለም። ኦስተርማን አልጮኸብኝም፣ እስከ ፀደይ ጊዜ አለህ ብቻ አለኝ። ስልኩ ሲጮህ አንድ ሰውዬ ያቺ ልጅ የት ሄደች አለኝ። ከየት ነው የምትደውለው አልኩት። ከመስታወት ፋብሪካው፣ ምሳ ሰዓት ላይ ነኝ አለ።

መላጣ ነህ ብዬ ልጠይቀው ነበር፣ ስልኩን ዘጋው።

ያን ጊዜ ነው ክብሬን ውጬ የእሷን ፊተኛ ካርዶች ለማጫወት የወሰንኩት። አምስት ዓመት ሙሉ የዘለልኳቸው ዘፈኖች ውስጥ ምናልባት እኔ የማላውቀው ነገር አለ አልኩ። እየቀየረች ያነሳቻቸውን ካርዶች ከጠረጴዛዋ የታችኛው መሳቢያ በላስቲክ ታስረው አገኘኋቸው። አርባ አንድ ነበሩ። ላዩ ላይ በእጇ «ሌስተር፣ ፊት» የሚል ወረቀት አለበት። አንዳቸውም ላይ የቀለም ጠብታ የለም። የመጀመሪያውን አነሳሁ፣ «የአክስቴ መጥረቢያ»፣ መደርደሪያ ቁጥር ሦስት ሺህ አንድ። ሸክላ ክፍል ገባሁ። የእኛ መደርደሪያ ሁለት ሺህ አራት መቶ ላይ ያልቃል፣ ከዚያ በኋላ ግድግዳ ነው።

ሁለተኛውን ካርድ ፈለግኩ። ሦስተኛውን። አርባ አንዱንም እየዞርኩ ፈለግኩ፣ ከዚያ ወደ ሸክላ አከፋፋዩ ደውዬ «ሐሙስና ብረት» የሚባል ባንድ አለ ወይ አልኩት። ሰውየው ሳቀና ይሄን ስም ማን አወጣው አለኝ። እንዲህ ያለ ባንድ የለም፣ ዘፈኑም የለም፣ አርባ አንዱም ከኢሎና ሳካች ራስ የወጡ ናቸው። በመጀመሪያዎቹ ሁለት ሳምንታት ፊተኞቹ ካርዶች ላይ አረንጓዴ ቀለም ስታጣ ሁለተኛውን እንደምወስድ ገብቷታል። ከዚያ ወዲያ ከፊት ገለባ ካርድ እያቆመች፣ እንዲጫወት የምትፈልገውን ሁለተኛ ላይ አደረገችው። መብራቱ ላይ ቆሜ ደረቴን የነፋሁበትን ዘፈን ያስቀመጠችው እሷ ናት። ለደቂቃው ጭምር አስባ ነው ያስቀመጠችው። እኔ ደግሞ ኦስተርማን ፊት ቆሜ የሌለ ድራም ሞቷል አልኩ።

መሬት ላይ ቁጭ አልኩ። ማፈር ነበረብኝ፣ አፍሬያለሁም፣ ግን ከእፍረቱ የሚበልጠው ቅናቱ ነበር። እኔን እንኳ ፕሮግራም አውጥታልኝ ነበር። አምስት ዓመት ሙሉ እምቢ ማለቴን ሳይቀር ደርድራው ነበር።

በፀደይ ኃላፊነቱን ተነጠቅኩ። ከዚያ በኋላ የምለው ብዙ የለኝም፣ ደግሞም ጻፍ የተባልኩት ስለ እሷ ነው። ዲትሮይት ውስጥ አሥራ ስምንት ዓመት ሠራች። ዘፈን የሚመርጥ ኮምፒውተር መጥቶ ሙዚቃው ከሌላ ከተማ መላክ ሲጀምር፣ እኔ ምን ልሠራ ብላ ለቀቀች። አግብታ ነበር፣ ተፋታች። አባቷ ሲሞት የሰፈሯን ቤት ወረሰችና ተመልሳ ገባችበት። እኔ በዚያን ጊዜ ለምንጣፍ ሱቅ ማስታወቂያ አነብ ነበር።

ያገኘኋት በዐቢይ ጾም፣ ዓርብ ቀን ነው። ዓርብ ዓርብ የሰፈሯ ቤተ ክርስቲያን አዳራሽ ውስጥ ከቀትር ጀምሮ፣ ካቶሊኮቹ በጾሙ በሥጋ ፈንታ የሚበሉት፣ አሳ ይጠበሳል፣ ከተማው ሁሉ ይሰለፋል። ማርጆሪ ከድሮ ጎረቤቷ ጋር ወሬ ይዛ ቀረች፣ እኔ ወንበር ስፈልግ ኢሎና ራሷ ጠራችኝ። ሸብታለች። ድምፅዋ ያው ነው። ትሪ ሙሉ አሳ መካከላችን ተቀመጠ፣ ስለ ጉልበታችን ሕመም አወራን፣ ከዚያ አላስቻለኝም።

«ካርዶቹን አገኘኋቸው» አልኳት።

«መቼ?»

«በሄድሽ በስምንተኛው ወር።»

«አንተ ሰው፣ እኔ እኮ ዛሬ ይነቃብኛል ነገ ይነቃብኛል እያልኩ አምስት ዓመት በጭንቀት ነው ያለቅኩት። አንድ ቀን እንኳ አውጥቼ ልስማው አትልም?»

ያን ቀን ቢሮ ውስጥ ለምን እንዳላዋረደችኝ ጠየቅኳት። የመልቀቂያ ደብዳቤዋን ይዛ እንደገባች፣ ዲትሮይቶች ከቀጠሯት ሳምንት እንዳለፋቸው እንደ ዋዛ ነገረችኝ። ታግዬ የጣልኳት ሴት ቀድማ ሄዳ ነበር ማለት ነው።

«ደግሞ ብናገር ኖሮ» አለች፣ «በማግስቱ እልህ ይዞህ ፊተኛውን ታነሳ ነበር። ዘጠኝ ተኩል ላይ የሚወጡት ሰዎች ምን አደረጉ? ሳጥንህን እስከ መስከረም ድረስ ደርድሬልህ ነው የሄድኩት።»

«ዘርግፌ በወዝኩት» አልኩ። «በመጀመሪያው ጠዋት።»

ሹካዋን አስቀመጠች። ያን ሁሉ ዓመት ሳፌዝባት፣ ስም ሳወጣላት፣ ቦታዋን ስወስድ ያላየሁትን ፊት ያን ጊዜ አየሁ። አዘነች። የኔ ነገር አልነበረም ያሳዘናት፣ ሁሉንም ነው ወይ ብላ ጠየቀችኝ፣ አዎ አልኳት። በመስኮቱ ወደ ፋብሪካው በኩል አየች። እኔም እዚያው ተቀምጬ እንደገና ቀናሁ፤ እኔ ስለ ሥራው ያን ያህል አዝኜ አላውቅማ።

ከዚያ ትሪውን ትንሽ ዞር አደረገችና፣ ብላ እንጂ ይቀዘቅዛል ብላ ወደ እኔ ገፋችው። ከፊት ያለውን ቁራጭ ትቼ ከኋላው ያለውን አነሳሁ። ስቆርሰው ነው ያየሁት፣ ከትሪው ሁሉ ትልቁ እሱ ነበር።